ክርክሩ «ሙት» ሳይባል፦ በአሜሪካ ፌዴራል ጨረታ ተሸንፎ አቤቱታና ይግባኝን በጊዜ የማድረስ መመሪያ

ግምገማው መዛባቱን በሰነድ ማሳየት እየቻሉ፣ ፍርድ ቤት ሲደርሱ ግን ዕቃው ተራግፎ፣ የጽዳቱ ውል አልቆ ወይም ግንባታው ጣሪያ ላይ ደርሶ የሚጠብቃቸው ተጫራቾች ብዙ ናቸው። የአሜሪካ ጠበቆች እንዲህ ያለውን ክርክር «ሙት» ይሉታል። ቃሉ የእንግሊዝኛ ነው፤ ለአማርኛ ጆሮም ግን እንግዳ አይሆንም። ዳኛው ሊያዝበት የሚችል ነገር አልቀረምና መዝገቡ ይዘጋል። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይኸው ነው።

መመሪያው የተጻፈው ለፌዴራል መሥሪያ ቤቶች ጽዳት፣ ትራንስፖርት፣ የአይቲ አገልግሎት፣ ትርጉም ወይም ዕቃ ለማቅረብ ለሚጫረቱ አነስተኛ ድርጅቶች ነው። በዋሽንግተንና በዙሪያዋ በዚህ ሥራ የተሰማሩ ወገኖች ጥቂት አይደሉም። አብዛኛው ኪሳራ የሚደርሰው በመጀመሪያዎቹ 10 ቀናት ውስጥ ስለሆነ እኛም ብዙውን ቦታ ለእነዚያ ቀናት ሰጥተናል።

ከሁሉ በፊት አንድ ልማድ ይተዉ። አገር ቤት በግዥ አዋጅ 649/2001 ጊዜ የተጫረተ ሰው አቤቱታን በሥራ ቀን መቁጠር ለምዷል። እዚህ «ቀን» ሲባል፣ ሌላ ካልተጠቀሰ በስተቀር፣ ቅዳሜና እሑድም ይቆጠራሉ። የመጨረሻው ቀን ቅዳሜ፣ እሑድ ወይም የፌዴራል በዓል ላይ ከዋለ ብቻ ወደ ቀጣዩ የሥራ ቀን ይሻገራል።

1. መጀመሪያ የውሉን ዕድሜ ያስሉ

የጨረታ ሰነዱን ከፍተው ሁለት ነገር ይፈልጉ፦ የአገልግሎት ጊዜው ስንት ነው? የማራዘሚያ ዓመታት አሉት? ከዚያ ከክርክሩ ዕድሜ ጋር ያነጻጽሩ። አቤቱታ የሚሰማው የመንግሥት ተጠያቂነት ጽሕፈት ቤት፣ በተለምዶ ጂኤኦ የሚባለው፣ ውሳኔ ለመስጠት 100 ቀን አለው። ቀጥሎ ያለው የፌዴራል የይገባኛል ጥያቄዎች ፍርድ ቤት ወራት ይወስዳል። በእሱ ላይ ይግባኝ የሚሰማው የፌዴራል ሰርኪዩት ደግሞ ሌላ ብዙ ወራት ይጨምራል።

በ30 ቀን ውስጥ ጄኔሬተር የሚቀርብበት ግዥ ከሆነ እግድ ካልተገኘ ነገሩ አለቀ፤ ፍርድ ቤት የተጫነ ዕቃ አያስመልስም። አንድ ዓመት ሆኖ አራት የማራዘሚያ ዓመታት ያለው የጽዳት ውል ግን የተለየ ነው። የመጀመሪያው ዓመት ቢያልፍም መሥሪያ ቤቱ ገና ያልተጠቀመባቸው ዓመታት ስላሉ ዳኛው «ቀጣዩን ዓመት አታራዝሙ» ማለት ይችላል፤ ክርክሩም በዚያው መጠን ነፍስ አለው። ግንባታ መካከል ላይ ነው፦ መሠረት ከፈሰሰ በኋላ ሥራ የሚያስቆም ዳኛ ማግኘት ከባድ ነው።

2. የሰነዱን ጉድለት ከመዝጊያው ሰዓት በፊት ያንሱ

የግምገማ መስፈርቱ ግልጽ ካልሆነ፣ ዝርዝሩ ለአንድ ድርጅት ተለክቶ የተሰፋ ከመሰለ፣ ወይም ለአነስተኛ ድርጅቶች ሊከለል የሚገባው ጨረታ ለሁሉም ከተከፈተ፣ አቤቱታው መግባት ያለበት የመወዳደሪያ ሐሳብ ከሚዘጋበት ሰዓት በፊት ነው። «እስቲ ልጫረትና ካልሆነ እናገራለሁ» የሚለው ስሌት አይሠራም። የፌዴራል ሰርኪዩት በ2007 (እ.ኤ.አ.) በብሉ ኤንድ ጎልድ ፍሊት ጉዳይ፣ በሰነዱ ላይ የሚታይን ጉድለት እያየ ዝም ብሎ የተጫረተ ድርጅት በኋላ ፍርድ ቤት ሊያነሣው እንደማይችል ወስኗል። ለኮንትራክቲንግ ኦፊሰሩ፣ ማለትም ግዥውን ለሚመራው የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ፣ በኢሜይል ጥያቄ መላክ ብቻውን አቤቱታ አይደለም፤ ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ላይ ነው።

3. ማብራሪያውን በ3 ቀን ውስጥ በጽሑፍ ይጠይቁ

የውድድር ሐሳቦች እየተመዘኑ በሚካሄድ መደበኛ ግዥ የተሸነፈ ድርጅት ዲብሪፊንግ፣ ማለትም ለምን እንዳልተመረጠ የሚሰጥ ማብራሪያ፣ የማግኘት መብት አለው። ጥያቄው የአሸናፊው ማስታወቂያ በደረሰ በ3 ቀን ውስጥ በጽሑፍ መቅረብ አለበት። ኢሜይል ይበቃል፦ የጨረታውን ቁጥር ጠቅሰው «ዲብሪፊንግ እንጠይቃለን» ይበሉ፤ ሌላ ሐተታ አያስፈልግም። ቁጣም አይጻፉበት፤ ያ ደብዳቤ ነገ የመዝገቡ አካል ይሆናል።

ይህን ጥያቄ በጊዜው ማቅረብ ሁለት ሰዓቶችን ወደ ፊት ይገፋል፤ አንዱ የአቤቱታው፣ ሌላው የእግዱ፣ ማለትም ጂኤኦ አቤቱታውን በጊዜ ሲያሳውቅ የተቀናቃኙ ሥራ በራሱ የሚቆምበት። በመከላከያ ሚኒስቴር ግዥዎች ደግሞ ከማብራሪያው በኋላ 2 የሥራ ቀን ተጨማሪ ጥያቄ መላኪያ አለ፤ መልሱ እስኪመጣም ማብራሪያው እንዳልተዘጋ ይቆጠራል። ጥያቄ ሳይልኩ ዝም ካሉ ግን ያ ተጨማሪ ጊዜ የለም።

ወጥመዱ እዚህ ነው። ማብራሪያ በሕግ ግዴታ የሚሆነው በሁሉም ግዥ አይደለም። በአነስተኛ ቀላል ግዥዎችና በጂኤስኤ ስኬጁል (መንግሥት አስቀድሞ ዋጋ ከተዋዋላቸው ድርጅቶች የሚገዛበት ዝርዝር) በኩል በሚደረጉ ትእዛዞች መሥሪያ ቤቱ «አጭር ማብራሪያ» ይሰጣል፤ ያ ግን የአቤቱታውን ቀን አይገፋም። አቤቱታ የሚገባበት የ10 ቀን ሰዓት የሚጀምረው የአቤቱታውን ምክንያት ካወቁበት ቀን ነው፤ ብዙ ጊዜም ይህ ቀን ማስታወቂያው የደረሰበት ቀን ነው። «ማብራሪያውን እየጠበቅን ነበር» የሚለው መልስ በዚህ ዓይነት ግዥ ብዙ አቤቱታ ገድሏል።

4. ሁለቱን ሰዓቶች ለይተው ይቁጠሩ

አቤቱታ ተቀባይነት የሚያገኝበት ጊዜና ሥራው በራሱ የሚታገድበት ጊዜ የተለያዩ ናቸው። የመጀመሪያውን አሟልቶ ሁለተኛውን የሳተ ድርጅት ትክክል ነህ ተብሎም ባዶ እጁን ሊመለስ ይችላል።

አቤቱታው፦ ምክንያቱን ካወቁ ወይም ማወቅ ከነበረብዎ ቀን 10 ቀን፤ ግዴታ የሆነ ማብራሪያ በጊዜው ከተጠየቀ ደግሞ ማብራሪያው ከተሰጠ በኋላ 10 ቀን።

እግዱ፦ መሥሪያ ቤቱ የአቤቱታውን ማሳወቂያ ከጂኤኦ ማግኘት ያለበት ውሉ ከተሰጠ በ10 ቀን ውስጥ ወይም ግዴታ ለሆነው ማብራሪያ ከቀረበው ቀን በኋላ በ5 ቀን ውስጥ ነው፤ ከሁለቱ የዘገየው ይያዛል። ልብ ይበሉ፣ የሚቆጠረው እርስዎ ያስገቡበት ቀን ሳይሆን ጂኤኦ ለመሥሪያ ቤቱ ያሳወቀበት ቀን ነው። ጂኤኦ ደግሞ ለማሳወቅ 1 ቀን አለው።

በቀን እናስላው። ውሉ ተሰጥቶ ማስታወቂያው የደረሰው ሰኞ ማርች 2፣ 2026 ነው እንበል። ሐሙስ ማርች 5 ዲብሪፊንግ ጠየቁ። መሥሪያ ቤቱ ለረቡዕ ማርች 11 ቀጠረ፤ በዚያው ቀንም ተሰጠ። የአቤቱታው 10 ቀን ቅዳሜ ማርች 21 ላይ ይወድቃልና እስከ ሰኞ ማርች 23 ይደርሳል። የእግዱ 5 ቀን ግን ሰኞ ማርች 16 ያበቃል። ሰኞ 16 ከሰዓት በኋላ ያስገባ ሰው አቤቱታው በጊዜው ነው፤ ጂኤኦ ለመሥሪያ ቤቱ ማክሰኞ ካሳወቀ ግን እግድ የለም፤ ተቀናቃኙ ሥራውን ይቀጥላል። ስለዚህ ዓርብ ማርች 13 ከቀትር በፊት ያስገቡ። በጂኤኦ ከዋሽንግተን ሰዓት 5፡30 (በእኛ አቆጣጠር 11፡30) በኋላ የገባ ወረቀት በማግሥቱ እንደገባ ይቆጠራል።

አንድ ነገር እንጨምር። መሥሪያ ቤቱ ማርች 11 ሲቀጥርዎ «ሥራ አስኪያጃችን አገር ቤት ሄደዋል፣ ለ18 ይሁንልን» ካሉ የእግዱ ሰዓት የሚቆጠረው መጀመሪያ ከቀረበው ቀን፣ ከ11 ነው። የቀረበውን የመጀመሪያ ቀን ይቀበሉ፤ ሥራ አስኪያጁ በስልክ ይግቡ።

5. አቤቱታውን ማስገባትና ማስከተል

አቤቱታው በጂኤኦ የኤሌክትሮኒክ መዝገብ በኩል ይገባል፤ ሙሉ ቅጂውም በ1 ቀን ውስጥ ለኮንትራክቲንግ ኦፊሰሩ መድረስ አለበት። ጂኤኦ ዘንድ ድርጅት ያለ ጠበቃ መቅረብ ይችላል። ግን የተቀናቃኙን ዋጋና የግምገማ ወረቀት የያዘው ምሥጢራዊ ክፍል የሚከፈተው ምሥጢሩን ለደንበኛው እንዳያወጣ በሚያስገድደው የጥበቃ ትእዛዝ ውስጥ ለገባ ሰው፣ በተለምዶም ለውጭ ጠበቃ ነው። ያለ ጠበቃ የሚከራከር ሰው ጥቁር ቀለም የተቀባ ገጽ እያነበበ ነው የሚከራከረው። ገንዘብዎ ለጥቂት የጠበቃ ሰዓት ብቻ የሚበቃ ከሆነ ከማስገባቱ ይልቅ ለዚህ ክፍል ቢያውሉት ይሻላል።

ጽሑፉ ሁለት ነገር ማሳየት አለበት፦ የተጣሰው ደንብ ወይም መስፈርት የትኛው እንደሆነ፣ እና ስሕተቱ ባይኖር እርስዎ የማሸነፍ ዕድል እንደነበርዎ። ሁለተኛው ብዙ ጊዜ ይረሳል። አምስተኛ የወጣ ድርጅት በአንደኛው ላይ ብቻ ቢያማርር፣ አንደኛው ቢወድቅ ሁለተኛው ይገባልና አቤቱታው ይዘጋል።

መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ መልሱንና ሰነዱን ያቀርባል። ከዚያ እርስዎ አስተያየት የሚያስገቡበት 10 ቀን አለ፤ ካላስገቡ መዝገቡ ይዘጋል። ከሰነዱ አዲስ ጥሰት ካገኙ ያም ባወቁበት 10 ቀን ውስጥ እንደ ተጨማሪ አቤቱታ መግባት አለበት፤ አስተያየቱ ውስጥ ሸጉጦ ማለፍ አይቻልም።

በጎን አንድ አጭር ነገር፦ አሸናፊው «አነስተኛ ድርጅት» ነኝ ያለው በሐሰት ከሆነ ያ ክርክር የጂኤኦ አይደለም። የመጠን አቤቱታው ማስታወቂያው በደረሰ በ5 የሥራ ቀን ውስጥ በኮንትራክቲንግ ኦፊሰሩ በኩል ወደ አነስተኛ ንግዶች አስተዳደር ይሄዳል። እዚህ የሚቆጠረው የሥራ ቀን ነው።

6. እግዱ ሲሻር፣ ወይም መሥሪያ ቤቱ ራሱ «አርማለሁ» ሲል

መሥሪያ ቤቱ «ለአሜሪካ ጥቅም ይሻላል» ወይም «አጣዳፊና አስገዳጅ ሁኔታ አለ» ብሎ በጽሑፍ ወስኖ እግዱን ሊሽር ይችላል። ምክንያቱ የትኛው እንደሆነ ወዲያው ይጠይቁ፤ ልዩነቱ ትልቅ ነው። የሻረው «ለአገር ጥቅም» ብሎ ከሆነ፣ ጂኤኦ በኋላ ውሳኔ ሲሰጥ ውሉን ማፍረስ የሚያስከትለውን ወጪና መስተጓጎል ከግምት ሳያስገባ እንዲወስን ሕጉ ያዘዋል። ስለዚህ ሥራው ቢጀመርም አቤቱታውን አይጣሉ። ሽረቱን ራሱን መቃወም ግን የሚቻለው በይገባኛል ጥያቄዎች ፍርድ ቤት ነው፤ በቀናት ውስጥ መሄድ አለብዎ።

ሌላው የአቤቱታ አሟሟት የእርማት እርምጃ ነው። መሥሪያ ቤቱ በመካከል «እንደገና እንገመግማለን» ይላል፤ ጂኤኦም የሚወሰን ነገር የለም ብሎ ይዘጋል። ይህ ብዙ ጊዜ መልካም ዜና ነው። ነገር ግን መዝገቡ ተዘጋ ብለው አይተኙ። እርማቱ ራሱ ጎደሎ ከሆነ አዲስ አቤቱታ፣ አዲስ የቀን ቆጠራ ይጀምራል። መሥሪያ ቤቱ ግልጽ የሆነን አቤቱታ ያለ ምክንያት ካጓተተ በኋላ ያረመ እንደሆነም የአቤቱታ ወጪዎን እንዲከፍል መጠየቅ ይቻላል፤ ጥያቄው ስለ እርማቱ በተነገርዎ በ15 ቀን ውስጥ ነው የሚገባው።

7. ፍርድ ቤት፦ እግድ በራሱ አይመጣም

በይገባኛል ጥያቄዎች ፍርድ ቤት ክስ መመሥረት ሥራውን በራሱ አያስቆምም፤ በጂኤኦ የነበረው እግድም ጂኤኦ ወስኖ መዝገቡን ሲዘጋ ያበቃል። ተቀናቃኙ በማግሥቱ ሠራተኛ ሊያሰማራ ይችላል። ስለዚህ ጂኤኦ ከመወሰኑ ከአንድና ሁለት ሳምንት በፊት የክሱ ረቂቅ ዝግጁ ይሁን። ድርጅት በዚህ ፍርድ ቤት ያለ ጠበቃ መቅረብ አይችልም፤ የጨረታ ክስ ሲመሠረትም ለፍትሕ ሚኒስቴር ጠበቆች አስቀድሞ ማሳወቅ ያስፈልጋል።

ይህ ቅድመ ማሳወቂያ ወግ ብቻ አይደለም፤ ጥሩ አጋጣሚ ነው። ብዙ ጊዜ የመንግሥት ጠበቆች ከመሥሪያ ቤቱ ጋር ተነጋግረው «እስከዚህ ቀን ሥራ አናስጀምርም» ብለው በፈቃዳቸው ይስማማሉ፤ ዳኛውም በዚያ ቀን ልክ የክርክር ጊዜ ይቆርጣል። እምቢ ካሉ የእግድ ማመልከቻ ከክሱ ጋር በአንድ ቀን ይግባ። ዳኛው አራት ነገር ይመዝናል፦ ክሱ የማሸነፍ ዕድል አለው ወይ፣ እግድ ባይኖር የማይተካ ጉዳት ይደርሳል ወይ፣ የማን ጉዳት ይከብዳል፣ የሕዝብ ጥቅም ወዴት ያደላል። ከጂኤኦ ውሳኔ በኋላ ሁለት ወር ተኝቶ «አስቸኳይ» ብሎ የመጣ ሰው በሁለተኛው ነጥብ ላይ በራሱ ላይ መስክሯል።

የክሱ ዳኝነት ጥያቄ ላይ ስስታም አይሁኑ። እግድ፣ ጥሰት መኖሩ እንዲገለጽ፣ ዳግም ግምገማ፣ የማራዘሚያ ዓመታት እንዳይፈቀዱ፣ እና የመወዳደሪያ ሐሳቡ የተዘጋጀበት ወጪ እንዲከፈል፤ አምስቱም ከመጀመሪያው ይጻፉ። የመጨረሻው ትንሽ ይመስላል፤ በተግባር ግን የክርክሩ ሕይወት መድን ነው። ሥራው ሙሉ በሙሉ ቢያልቅ እንኳ ዳኛው የሚፈርደው ገንዘብ ስላለ መዝገቡ «ሙት» አይባልም። ሕጉ በዚህ ፍርድ ቤት የሚፈቅደው ገንዘብ ይህን ወጪ ብቻ ነው፤ የታጣ ትርፍ አይጠየቅም።

ወጪው እንዲታመን ማስረጃው የሚሰበሰበው ጨረታው በሚዘጋጅበት ሰሞን ነው። ማን በየትኛው ቀን የትኛውን ክፍል ስንት ሰዓት እንደጻፈ የሚያሳይ መዝገብ፣ የዋጋ ባለሙያ ደረሰኝ፣ የሕትመትና የጉዞ ደረሰኝ በአንድ ፎልደር ይቀመጡ። ከሁለት ዓመት በኋላ በግምት የተሞላ ሰንጠረዥ የመንግሥት ጠበቃ በአንድ ጥያቄ ያፈርሰዋል።

8. ይግባኝ፦ 60 ቀኑን አይጠቀሙበት

ወደ ፌዴራል ሰርኪዩት ይግባኝ ለማለት ከፍርዱ በኋላ 60 ቀን አለ። ሥራው እየሄደ ከሆነ ግን ያ ጊዜ ለተቀናቃኙ የተሰጠ ስጦታ ነው። የይግባኝ ማስታወቂያው አንዲት ገጽ ናት፤ በዚያው ሳምንት ያስገቡ። ይግባኙ እስኪሰማ ሥራው እንዲታገድ የሚጠይቀው ማመልከቻ መጀመሪያ ለፈረደው ፍርድ ቤት ይቀርባል፤ እምቢ ሲል ወደ ሰርኪዩቱ ይሄዳል። ያንን ደረጃ ዘለው ሰርኪዩቱን ቢጠይቁ የሚጠፋው ሌላ ሳምንት ነው።

የመክፈቻ ጽሑፍ ይግባኙ ከተመዘገበ በኋላ 60 ቀን፣ መልስ 40 ቀን፣ የመልስ መልስ 21 ቀን ይሰጠዋል። የራስዎን ጽሑፍ በሁለት ሳምንት ቢያስገቡ የሚከለክልዎ የለም፤ የተቀናቃኙ ቀን ከዚያ ጀምሮ ይቆጠራል። ከዚሁ ጋር ጉዳዩ ተፋጥኖ እንዲታይ ያመልክቱ፤ ማመልከቻው ውስጥም ውሉ የሚያልቅበትን ቀን በቁጥር ይጻፉ።

9. ሥራው ካለቀ በኋላ የቀረችው በር

ኪንግደምዌር ቴክኖሎጂስ የቀድሞ ወታደሮች ድርጅት ነው። የቀድሞ ወታደሮች ጉዳይ መሥሪያ ቤት በ2012 ለአራት ሕክምና ማዕከላት የአስቸኳይ ጊዜ ማሳወቂያ አገልግሎት ለወታደሮች ድርጅቶች ሳይከልል ገዛ። ድርጅቱ ጂኤኦ ዘንድ ረታ፤ መሥሪያ ቤቱ ግን አስገዳጅ ያልሆነውን ምክረ ሐሳቡን አልተቀበለም። ፍርድ ቤት ሄዶ ተረታ፤ በሰርኪዩቱም ተረታ። አገልግሎቱ ግን በሜይ 2013 አልቆ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በኖቬምበር 2015 የተያዘውን የቃል ክርክር ሰርዞ ተከራካሪዎቹን «ይህ ነገር አላለቀም ወይ?» ብሎ በጽሑፍ ጠየቀ።

በጁን 16፣ 2016 በዳኛ ክላረንስ ቶማስ የተጻፈው ውሳኔ በሙሉ ድምፅ ለድርጅቱ ፈረደ። በተለመደው ስሌት ሕያው ክርክር እንዳልቀረ ፍርድ ቤቱ አምኗል። ሆኖም «ሊደገም የሚችል፣ ግን ሁልጊዜ ከፍርድ የሚያመልጥ» የሚባለውን ልዩ ሁኔታ ተጠቀመ። ይህ ሁለት ነገር ይፈልጋል፦ ውሉ ክርክሩ እስኪያልቅ የማይቆይ አጭር መሆኑን (የኪንግደምዌር ግዥዎች ከሁለት ዓመት ባነሰ ጊዜ ተፈጽመው ነበር)፣ እና ያው ድርጅት ያው በደል እንደገና እንደሚያጋጥመው በቂ ምክንያት መኖሩን።

በዚህች በር ለመግባት ከሥር ፍርድ ቤት ጀምሮ የቃለ መሐላ ጽሑፍ ያስገቡ፦ ባለፉት ዓመታት በስንት ተመሳሳይ ጨረታ እንደተሳተፉ፣ ስንቱን እንዳሸነፉ፣ ለሚመጣው የትኛውን እንደሚጫረቱ፣ መሥሪያ ቤቱም በዚያው የሕግ አተረጓጎም እንደጸና። ግን ተስፋውን በልክ ያድርጉት። በሩ የሚከፈተው ክርክሩ በሕግ ወይም በቋሚ አሠራር ላይ ሲሆን ነው። «ሦስተኛው ገምጋሚ የልምድ ነጥቤን ቀነሰብኝ» የሚል ክርክር አይደገምም፤ ከውሉ ጋር ይሞታል።

ይግባኙ በርስዎ ጥፋት ሳይሆን በጊዜ ከሞተ አንድ የሚቀር ማመልከቻ አለ፦ የሥር ፍርዱ እንዲሰረዝ መጠየቅ። መነሻው የ1950 የመንሲንግዌር ውሳኔ ነው። ፍርዱ ሳይሰረዝ ከቀረ በሚመጣው ጨረታ መልሶ ይጠቀስብዎታል። ከተቀናቃኙ ጋር ታርቀው ጉዳዩን ራስዎ ከዘጉት ግን ይህ ብዙ ጊዜ አይፈቀድም።

10. ጨረታው የፌዴራል ካልሆነ

ከላይ ያሉት ቀኖች ለክፍለ ግዛትና ለከተማ ጨረታ አይሠሩም። በሜሪላንድ አቤቱታው ምክንያቱ በታወቀ በ7 ቀን ለግዥ ኃላፊው፣ የእሱን ውሳኔ በመቃወም ደግሞ በ10 ቀን ለክፍለ ግዛቱ የውል ይግባኝ ቦርድ ነው። በቨርጂኒያ ውሉ ከተሰጠ ወይም ሊሰጥ መወሰኑ ከተገለጸ በ10 ቀን ለመሥሪያ ቤቱ፣ ከመልሱ በኋላ በ10 ቀን ለፍርድ ቤት። በዲሲ ከተማ አስተዳደር 10 የሥራ ቀን ነው፤ የሚሰማውም የከተማው የውል ይግባኝ ቦርድ ነው።

11. ሲያሸንፉ የሚጠፋው የመጨረሻ ገንዘብ

ጂኤኦ ወጪዎ እንዲከፈል ምክረ ሐሳብ ከሰጠ ገንዘቡ በራሱ አይመጣም። ውሳኔው በደረሰዎ በ60 ቀን ውስጥ ሰዓቱና ታሪፉ የተዘረዘረ፣ በፊርማ የተረጋገጠ ጥያቄ ለመሥሪያ ቤቱ መግባት አለበት። የጠበቃ ክፍያ ለትልልቅ ድርጅቶች በሰዓት 150 ዶላር ጣሪያ አለው፤ አነስተኛ ድርጅቶችን ግን ጣሪያው አይመለከትም። ስለዚህ አነስተኛ መሆንዎን የሚያሳየውን ማስረጃ ከጥያቄው ጋር ያያይዙት፤ 60 ቀኑ ካለፈ መሥሪያ ቤቱ ሳይከፍል ይቀራል።